የሚልክያስ ደም ስኳር ነበረው

በዘጠኝ ዓመቴ የአንድ ጎልማሳ ሰው ሦስት የጎድን አጥንትና አራት ጣት ሰብሬያለሁ። እጄን አላነሣሁም፤ በአፌ ነው። ዶሮ ማነቂያ ያደገ ሰው ይኼን ሲሰማ አይደንቀውም፤ እኛ ሰፈር አፍ ከዱላ ቀድሞ ይደርሳል። ትምህርቴን ከሰባተኛ ክፍል ትቼ ከወጣሁ ወዲህ ይህችን ታሪክ ያላወራሁበት ለቅሶ ቤትና ታክሲ የለም፤ ባወራኋት ቁጥርም ትንሽ ትንሽ ጣል አደርግባታለሁ። ዛሬ ግን የጨመርኩትን ሁሉ አራግፌ ነው የማወራው። አንዲት ቁጥር ብቻ አልነካትም። እሷን የጨመርኳት በትእዛዝ ነው፤ ስንደርስ እነግራችኋለሁ።

ዘመኑ 1985 ነው። እኔና እናቴ አይናዲስ በአንዲት ክፍል እንኖር ነበር። እናቴ በጋሽ ዘገዬ ቪዲዮ ቤት በር ላይ ሻይ ትሸጣለች፤ ፊልም ሲጀመር ደግሞ ማንቆርቆሪያዋን ይዛ በጨለማ ውስጥ በወንበሮቹ መካከል እየተሹለከለከች ትቀዳለች። ቪዲዮ ቤቱ መስኮቱ በብርድ ልብስ የተደፈነ ጭቃ ቤት ነው። አርባ ሰው በአግዳሚ ወንበር ላይ ተጣብቆ ይቀመጣል፤ ከፊት ጠረጴዛ ላይ ቴሌቪዥንና ማጫወቻ፤ ሽታው ብብትና የብርቱካን ልጣጭ። የእኔ ቦታ መሬቱ ላይ ነው፣ ቴሌቪዥኑ ሥር፣ አንገቴን አንጋጥጬ። የሚታየው ካራቴ ነበር። ካራቴ ታይቶ ሲወጣ ደግሞ ያየውን ሰው ላይ የማይሞክር የለም፤ አንድ ጥርስ ሳይወልቅ ያለፈ ቅዳሜ ትዝ አይለኝም።

ፊልሙን የሚያስተረጉምልን ሚልክያስ ነው። ሚልክያስ ቀድሞ የፈረንጅ ሰባኪዎች አስተርጓሚ ነበር። የመድረክ አስተርጓሚ ቃል ብቻ አይደለም የሚያስተላልፈው፤ ሰባኪው እጁን ሲያነሣ ያነሣል፣ ሲያለቅስ ያለቅሳል፣ ሲንበረከክ ይንበረከካል። ሚልክያስ ይህን ልማዱን እንዳለ ይዞት መጣ። ቴሌቪዥኑ አጠገብ ቆሞ፣ የተመታ ሲያይ ተመትቶ ይወድቃል፣ የሞተ ሲያይ ምላሱን አውጥቶ ይሞታል። ከቸርች ለምን እንደወጣ ሲጠየቅ፣ ከሰባኪው ስለበለጥኩ ነው ይላል። እናቴ ግን፣ የምእመኑን ጉድ ስብከት ውስጥ እየከተተ ነው ያባረሩት ትል ነበር። እኔ ያመንኩት እሱን ነው።

አንድ ቅዳሜ ማጫወቻው የካራቴውን ካሴት አኝኮ ተፋው። ሰው ወንበር መሰባበር ሲጀምር ጋሽ ዘገዬ ከአልጋ ሥር አንድ አቧራ የጠጣ ካሴት አወጡ። እንግሊዛዊ አስተማሪ ወደ አገሩ ሲመለስ ትቶት የሄደ ነው። እንግሊዞች ቴሌቪዥን ገና አንድ ብለው ሲጀምሩ የሠሩት የቀልድ ጭውውት ነው፤ ጥቁርና ነጭ፣ ራስም እግርም የሌለው። ይኼን ዛሬ ነው የማውቀው። ያኔ ለእኔ የእንግሊዝ አገር ዜና ነበር።

ዜናው እንዲህ ነው። ቆብ የደፋ ሰውዬ መዝጊያ ከነመቃኑ በጀርባው ተሸክሞ ባዶ ሜዳ ላይ ይሄዳል። ያቆመዋል፤ ያንኳኳል። ከወዲያ በኩል ከየት እንደመጣ የማይታወቅ ሰው ይከፍትለታል፤ የከፈተውን በሳንቃ ግንባሩን ያጋየዋል። የተመታው ተዘርሮ ይወድቃል፤ ተነሥቶ ቆቡን ያስተካክልና አመስግኖ ይሄዳል። ከቴሌቪዥኑ ሆድ ውስጥ የማይታይ ሕዝብ ለመቺው ያጨበጭባል። ቀጥሎ አንዱ ጥላዬ ጠፋብኝ ብሎ ሊያመለክት መዝገብ ቤት ይሄዳል፤ ጸሐፊው በየቃሉ መዝገቡን እያነሣ አናቱን ይለዋል። ከዚያ ትልቅ ቦርሳ የያዘች ሴትዮ፣ ጢሟ በደንብ ያልተላጨ፣ ሰልፍ የቆመ ፖሊስ በቦርሳዋ ታጭዳለች። የሚሞት የለም። ሁሉም ይነሣል፣ ቆቡን ያስተካክላል። እኔም ሕጉ ገባኝ፦ እንግሊዝ አገር ቆብ ያለው ሰው ተመትቶ አይሞትም፤ የመታም ይጨበጨብለታል።

ሚልክያስ በመጀመሪያው ቅዳሜ በእውነት ሊያስተረጉም ሞከረ። "ሰውዬው 'መዝጊያዬን አሞታል፣ ሐኪም ጥሩልኝ' እያለ ነው" አለ። ይኼ ሚስኪን በሕይወቱ እውነት የተናገረው ያን ቀን ብቻ ሳይሆን አይቀርም፤ ለእውነቱ የተከፈለው ልጣጭና አንድ ጫማ ነበር። በሳምንቱ ብልሃት ዘየደ። መዝጊያ የተሸከመውን ሰውዬ እያሳየ፣ "ይኼ አትክልት ተራ ተሸካሚ ነው" አለ፤ ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። መዝገብ ቤቱ የኛ ቀበሌ ሆነ። እየዋለ እያደረ ሰፈሩ በሙሉ ቴሌቪዥን ውስጥ ገባ። ማን ከማን ጋር እንደታየ፣ ማን የማንን አጥር እንደገፋ፣ ሁሉም በእንግሊዝ አፍ ይነገራል። አንድ ልብስ ሰፊ ሚስቱ ከቧንቧ ሠራተኛ ጋር ስትተረጎም ሰማና መቀሱን ይዞ መጣ፤ የሚልክያስን ክንድ ከትከሻ እስከ ክርን ተረተረው። ሚልክያስ በሳምንቱ ክንዱን በሻሽ ጠቅልሎ፣ የዚያን የእንግሊዝ ሰውዬ የመሰለ ቆብ ከየት እንዳመጣ እንጃ ደፍቶ፣ መጥቶ ቀጠለ። ቆቡን ሳይ ለሱ መፍራቴን ተውኩ።

እኔ ይህን ሁሉ እውነትም እንግሊዝ አገር የተደረገ ነው ብዬ ነበር የምሰማው። እነሱም አገር ጉድ አለ ብዬ ተጽናንቻለሁ።

ከኋላ፣ መጨረሻው ወንበር ላይ ካላዩ ይቀመጣል። አትክልት ተራ የሚሠራ ተሸካሚ ነው፤ አንድ ኩንታል ሽንኩርት በግራ፣ አንድ ኩንታል በቀኝ ትከሻው ያነሣል። ይኼን አልጨመርኩበትም። ጠብ ሲነሣ ሁለቱን ተደባዳቢ በማጅራታቸው ይዞ ያወጣቸዋል፤ ከወጡ በኋላ ደግሞ ለብቻቸው ይደበድባቸዋል። ይኼ ሰው ሲገባ አንዲት ብርቱካን ጭኔ ላይ ጣል አድርጎ ያልፋል። አያየኝም፣ አንዲት ቃል አይተነፍስም።

ብርቱካኑ ጉቦ ነው ብዬ ነበር። ምክንያት ነበረኝ። ክረምት ላይ ከሱቅ ስኳር ይዤ ስመጣ፣ ጠባቧ መንገድ ላይ አንድ ሰውዬ ገፍትሮ ደፋብኝና፣ ይባስ ብሎ "ይቺ ዲቃላ" ብሎኝ ሊሄድ ሲል፣ ካላዩ ከየት መጣ ሳይባል ጸጉሩን ጨምድዶ ከቆርቆሮ አጥር ጋር አጋጨው። አንዴ፣ ሁለቴ፣ ሦስቴ፤ ቆርቆሮው እንደ ደወል ጮኸ። የሰውዬውን ጥርስ ከጭቃው ለቅሜ ሰጠሁት፤ አመስግኖኝ አልሄደም። ብርቱካኑ የጀመረው በማግስቱ ነው። ያየሁትን እንዳልናገር ነው ብዬ፣ እየበላሁ ዝም አልኩ። ሰው ለማያውቃት ልጅ ስድብ የሰው ጥርስ ያወልቃል ወይ ብሎ ለመጠየቅ አሥር ዓመት ፈጅቶብኛል።

ከፋሲካ በኋላ ያለችው ሦስተኛዋ ቅዳሜ ናት። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ። ብርቱካኔን ልጬ አፌን ሞልቼዋለሁ። መዝጊያ ተሸካሚው ሜዳው ላይ ደረሰ፤ መዝጊያውን አቆመ። ሚልክያስ ያን ቀን ሌላ ሰው ሆኖ ነበር። ካላዩ ባለፈው ሳምንት ከሰው ፊት ጎትቶ አውጥቶ በጥፊ መትቶት ስለነበር፣ የግራ ዓይኑ አብጧል። ያንኑ ዓይኑን ወደ ኋላ ወንበር እየወረወረ ጀመረ።

"ይኼ ተሸካሚ አገር ቤት ሚስት አለችው" አለ። "እዚህ ደግሞ አንዲት ሻይ ሻጭ አለችው። ቀን ቀን አይተዋወቁም።"

ባለ ቦርሳዋ ሴትዮ መዝጊያውን ከፈተች። ሚልክያስ ድምፁን አቀጠነ፦

"እንዲህ ትለዋለች፦ 'ልጅህ ያባቷን ብርቱካን ትበላለች፣ አባቷን ግን አታውቅም።'"

ሰው ሳቀ፤ ግን እንደ ሌላው ቀን አልነበረም። አንገት ሁሉ ወደ ኋላ ዞረ፣ ከዚያ ወደ ታች፣ ወደ እኔ። ስለምን እንደሚያዩኝ አልገባኝም፤ ብቻ እየታዩ መሳቅ ደስ ይላል። ብርቱካኑ ካፌ እየተረጨ ከሁሉም በላይ ሳቅሁ። ያቺ እንግሊዛዊ ሞኝ ልጅ፣ ብርቱካኑ ከየት እንደመጣ የማትጠይቅ።

ተሸካሚው ሳንቃውን አነሣ። በቴሌቪዥኑ ብርሃን ውስጥ አንዲት ነጭ እጅጌ በአናቴ ላይ አለፈች። ከዚያ ድው የሚል ድምፅ፣ ካሴቱ ውስጥ ካለው ሳንቃ ጋር እኩል። ሚልክያስ ልክ እንደ ልማዱ ተዘረረ። እግሬ ላይ እንደ እሳት የሚያቃጥል ነገር ፈሰሰ። የማይታየው ሕዝብ አጨበጨበ፣ የሚታየውም አጨበጨበ። አንዱ፣ ዛሬስ አወዳደቁን አሳመረው አለ።

ፊልሙ ያለ አስተርጓሚ ቀጠለ። ሰው መጮህ ጀመረ፦ ተነሥና ተርጉም፣ የከፈልነው ቆመህ እንድትተረጉም ነው እንጂ እንድትተኛ አይደለም፣ ምናምን። ሚልክያስ አልተነሣም። ቆቡ ተንከባሎ ጉልበቴ ሥር ደርሷል። ችግሩ እሱ እንደሆነ ወዲያው ገባኝ፤ ያለ ቆቡ እንዴት ይነሣ? አንሥቼ ጭንቅላቱ ላይ ደፋሁለትና አስተካከልኩለት። ቆቡ ውስጥ ጣቴ ረጠበ። አንዱ ብርድ ልብሱን ከመስኮቱ ሲገፈው፣ እኔ ሁለት እጄ ቀይ ሆኖ፣ እየሳቅኩ ተቀምጫለሁ።

ሚልክያስን በአግዳሚ ወንበር ጭነው ሁለት ሰዎች ይዘውት ሮጡ። ሌላውም ሊከተል ሲል ጋሽ ዘገዬ በሩን ከውስጥ ቀርቅረው መቀርቀሪያው ላይ ተደገፉ። ቡልጋ ተወልደው ያደጉ፣ ዳኝነት የሚያውቁ ሽማግሌ ናቸው።

"አውጫጭኝ ነው" አሉ። "ያየ ያየውን፣ የሰማ የሰማውን፣ የጠረጠረ የጠረጠረውን ሳይናገር ከዚህ ቤት ሽንት እንኳ አይወጣም።"

በገጠር ልማድ፣ ወንጀለኛ ሲጠፋ አገሩ በሙሉ አንድ ቦታ ይታጎራል፤ ጥፋተኛው እስኪወጣ ማንም አይለቀቅም። ፒያሳ መሀል፣ አርባ ሰው በአንዲት ጭቃ ቤት ታጎረ። አንድ በአንድ እየሄዱ በጋሽ ዘገዬ ጆሮ ያንሾካሹካሉ፤ ሁሉም አላየሁም ይላል። ሰዓቱ ሄደ። ሙቀቱ በረታ። አንዱ ጥግ ላይ ሸና፤ አጠገቡ የነበረው በቡጢ አፍንጫውን አለው። የሽማግሌው ጆሮ በሰው ምራቅ እርሶ፣ ትዕግሥታቸው አለቀ። የያዙት በትር ማን ላይ እንደሚያርፍ እየፈለገ ነበር።

እናቴ ግድግዳውን ተደግፋ፣ ማንቆርቆሪያዋን በነጠላዋ ሸፍና ታቅፋዋለች። የተቀጣጠለ ፍም የታቀፈች ነበር የምትመስለው። ከንፈሯ ነጭ ሆኗል።

ተራዬ ደረሰ። እኔ ያየሁት አንዲት ነጭ እጅጌ ነው፤ እሱንም ያየሁት ቴሌቪዥን ውስጥ ይሁን ውጪ አላውቅም። ግን ያን የመሰለ ምት ሰፈራችን ውስጥ ሊመታ የሚችል ከአንድ ሰው በላይ አላውቅም ነበር። ደግሞም የመታ ይጨበጨብለታል። ያን ሁሉ ብርቱካን በልቼ አንዲት ውለታ አልመለስኩም። በሹክሹክታ ቢነገር ማን ያጨበጭባል? ወንበር ላይ ወጣሁና ቤቱ በሙሉ እንዲሰማ፣

"ጋሽ ካላዩ ነው" አልኩ። ከዚያ ማጨብጨብ ጀመርኩ።

ብቻዬን አጨበጨብኩ።

እናቴ ከግድግዳው ተላቀቀች። "ጋሽ ዘገዬ፣ ልጅ ናት እኮ፣ እሷ..." ስትል፣ ካላዩ ከኋላ ተነሣ።

"ልጅቷ ልክ ናት" አለ። "እኔ ነኝ።"

እናቴ አፏን በነጠላዋ ጫፍ ያዘች። ትከሻዋ ይንቀጠቀጥ ነበር። የምትስቅ መስሎኝ አብሬያት ሳቅሁ።

ሃያ ሰው ተነሣበት። ግማሹ ለሚልክያስ አዝኖ አይደለም፤ ካላዩ ያላነቀው፣ ጥርሱን ያላወለቀው ሰው በዚያ ቤት ስላልነበረ ነው። አግዳሚው ተሰነጣጥቆ ዱላ ሆነ። ሁለት ኩንታል የሚያነሣ ክንድ ደረቱ ላይ እንደተጣጠፈ ቀረ፤ አንድ ጊዜ እንኳ አልተዘረጋም። ወገቡን ሲሉት ተንበረከከ። ጎኑን ሲረግጡት የእንጨት ዓይነት ድምፅ ወጣው። ከወደቀ በኋላ አንዱ ቀኝ እጁን ጎትቶ ደፉ ላይ ዘርግቶ ያዘና፣ ሌላው የወንበሩን እግር አሳረፈበት። አራት ጣት ሲሰበር እንደ ሸንኮራ ነው የሚጮኸው። ዓይኖቹ አንድ ቦታ ተተክለው ነበር፤ የምታየው ሰው ፊቷን እንድታዞር የሚለምን ዓይን። እናቴ ግን አልዞረችም። እኔ ደግሞ፣ "ቆብ ስጡት፣ ቆብ የለውም" እያልኩ እጮህ ነበር። ያን ቀን ለካላዩ የጮኸለት ሰው እኔ ብቻ ነኝ፤ ይኼን በክብር እመዘግበዋለሁ።

ካላዩ ስምንት ወር ታሰረ። ሲፈታ እጁ ሸክም አልያዘለትም። ሚልክያስ የግራ ጆሮው ደነቆረ፤ ቸርች ተመልሶ ቀኝ ጆሮውን ወደ መድረኩ አዙሮ ይቀመጥ ጀመር፤ ማን መታህ ሲባል እግዚአብሔር ነው ይል ነበር። ካሴቱን ጋሽ ዘገዬ ሽንት ቤት ጨመሩት።

የኔ እግር ቁርጭምጭሚቱ ላይ ተልጦ ነበር። ያን ቀን ማታ እናቴ ማር ስትቀባኝ፣ የደረቀውን ነገር ቀድሜ በጣቴ ነክቼ ቀምሼዋለሁ። ጣፋጭ ነው። በማግስቱ ለሰፈሩ ልጆች ሁሉ የሚልክያስ ደም ስኳር አለው ብዬ አወራሁ። ጴንጤ ስለሆነ፣ ከለስላሳ በቀር ስለማይጠጣ ነው ብለን ተስማማን። ጭንቅላቱ ታስሮ ከሆስፒታል ሲመለስ ሦስት ልጆች ሊልሱት በር ላይ ጠብቀውታል።

ደም እንደዚያ እንደማያቃጥል፣ ስኳርም እንደማይገባበት የገባኝ ሃያ ዓመት ሊሞላኝ ሲል ነው። እናቴ ታማ ሻዩን እኔ ስቀዳ፣ እግሬ ላይ ደፋሁት። የተላጠው ቆዳ ከድሮው ጠባሳ አጠገብ ቁጭ ሲል መንታ መሰሉ። ማንቆርቆሪያውን አነሣሁና ዞር አደረግኩት። ዕድሜ ልኬን ምድጃው ላይ ሲቀመጥ አንድ ጎኑ ሁልጊዜ ወደ ግድግዳ ነበር። በዚያ ጎኑ የሰው አናት የሚያህል ጎድጓዳ አለበት።

ይዤው ሄጄ አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀመጥኩ። አላስዋሸችኝም፣ አልዋሸችኝም።

"ስትስቂ ሰማሁሽ" አለች። "ሰው ሁሉ ቢስቅ እችለው ነበር።"

ለካላዩ ንገሪው አለችኝ፤ ሳልሞት እንዳወቅሽ ንገሪው። እኔ ግን የተሰበረ እጁን ባየሁ ቁጥር መንገድ እቀይር ነበር። እሷ ዳነች፤ ከዚያ በኋላም ሃያ ዓመት ኖራ ሻይ ቀዳች፣ ሃያ ዓመት ጠየቀችኝ። እኔም በየታክሲው መቺው ካላዩ ነው እያልኩ አወራሁ። አምና ሞተች። ሰፈሩም ፈረሰ፤ ያ ጭቃ ቤት የነበረበት ቦታ ዛሬ አበባ ተተክሎበታል። ማንቆርቆሪያው ብቻ ቀረኝ።

ባለፈው ወር ካላዩን አፍንጮ በር፣ አንዲት ክፍል ተከራይቶ አገኘሁት። ሸምግሏል፤ ትከሻው ግን አሁንም በሩን ይሞላል። ማንቆርቆሪያውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጥኩ፤ ጎድጓዳውን ወደሱ አዙሬ።

"ጋሽ ካላዩ" አልኩ፣ "የመታው ማን እንደሆነ አውቃለሁ። እርስዎ ማን እንደሆኑም አውቃለሁ።"

ለረጅም ጊዜ አየው። ከዚያ በተጣመመ ጣቱ ጎድጓዳውን ዳሰሰና ወደ ግድግዳው መልሶ አዞረው።

"እኔ ነኝ የመታሁት" አለ። "አርባ ሰው ፊት የተናገርኩትን አንቺ ነሽ የምትሽሪው?"

እሱ ከአልጋው ሥር ፌስታል ጎትቶ አንዲት ብርቱካን አወጣና መላጥ ጀመረ። አራቱ ጣቶች አይታጠፉም፤ በአውራ ጣቱና በመዳፉ ነው የሚልጠው። ፈጀ። ላግዘው እጄን ሰደድኩና መለስኩት።

"በየታክሲው ታወሪዋለሽ አሉ" አለኝ ቀና ሳይል።

"አወራለሁ።"

"ስንት ሆነው ደበደቡት ነው የምትዪ?"

"ሰባት። ሰባት ነበሩ።"

እጁ ቆመ። ሦስቱ የጎድን አጥንት ሲሰበር ያላየሁትን ቅሬታ ያን ጊዜ ፊቱ ላይ አየሁት።

"ካላዩን ሰባት ሰው?" አለ። "ልጄ፣ እንዲህ ያለ ውርደት አታውሪብኝ። ሃያ በይ።"

ግማሹን ብርቱካን ሰጠኝ። አፌን ሞላሁት።

ሃያ ነበሩ።